ዜማው ይኑር፤ ጥንቆላው ይቅር

ነገርን ከሥሩ፣ ውሃን ከጥሩ ይላሉ አባቶቻችን። ስለ ዛር የሚነገረውና የሚጻፈው ግን ብዙውን ጊዜ ከሥሩ ሳይሆን ከቅርንጫፉ የሚጀምር ነው። አንዱ ወገን «ይህ የሰይጣን ሥራ ነውና ከነከበሮው ይቃጠል» ይላል፤ ሌላው ወገን ደግሞ «ይህ የአያቶቻችን ባህል ነውና ማንም እጁን እንዳያስገባበት» ይላል። ሁለቱም ወገኖች ድምፃቸው ከፍ ያለ ነው፤ ነገር ግን አንድ ስሕተት በጋራ ይዘዋል። ይኸውም ዘፈኑንና ጥንቆላውን እንደ አንድ ነገር መቁጠራቸው ነው። የዚህ ጽሑፍ ዓላማ እነዚህ ሁለቱ የተለያዩ መሆናቸውን ማስረዳት፣ አንደኛው ሊጠበቅ፣ ሁለተኛው ሊቀር የሚገባው ስለምን እንደሆነ ማሳየት፣ ከዚያም አልፎ ለጥንቆላው ገበያ ደንበኛ የሚልከው ማን እንደሆነ መጠየቅ ነው። በዚህ በመጨረሻው ጥያቄ ቅር የሚሰኝ አንባቢ ቢኖር፣ እስከ ፍጻሜው አንብቦ ከዚያ በኋላ እንዲፈርድ እለምነዋለሁ።

የምኖረው በቃሊቲ ነው። ቃሊቲ የአዲስ አበባ የደቡብ በር ናት። ከወደቡ የሚመጣው ዕቃ የሚፈተሽባት፣ ከባድ መኪናዎች ተሰልፈው የሚያድሩባት፣ ፋብሪካ የበዛባት፣ ብዙ ዘመንም በማረሚያ ቤቱ ስም የታወቀች ሰፈር ናት፤ በ2008 ዓ.ም. ደግሞ የከተማው ቀላል ባቡር እስከዚሁ ድረስ መጥቶ ሥራ ጀመረ። እንዲህ ያለ ቦታ የሚጠብቅ ሰው የሚበዛበት ቦታ ነው። የሾፌሩ ሚስት ባሏ ከጉዞ እስኪመለስ ትጠብቃለች፤ ነጋዴው ዕቃው እስኪለቀቅ ይጠብቃል፤ የእስረኛው እናት ቀጠሮው እስኪደርስ ትጠብቃለች፤ ከገጠር የመጣው ወጣት በፋብሪካው በር ስሙ እስኪጠራ ይጠብቃል። የሚጠብቅ ሰው ደግሞ ነገን ዛሬ ለማወቅ ይጓጓል። ስለዚህ ሌሊት ሌሊት ነፋሱ የከበሮ ድምፅ ይዞ ሲመጣ ልንደነቅ አይገባንም፤ በከተማችን ዳርቻ ሁሉ የሚሰማ ድምፅ ነው።

የባለዛር ቤት ሥርዓት ለማያውቀው አንባቢ ባጭሩ ልግለጸው። የታመመችው ሰው፣ አብዛኛውን ጊዜ ሴት ናት፣ ማታ ወደ ባለዛሪቱ ቤት ትገባለች። ዕጣን ይጨሳል፤ ቡና ይፈላል፤ ጫት የሚቅም ይቅማል፤ ከበሮ ይመታል። አንዷ ዘፈኑን ታወጣለች፣ የቀሩት በጭብጨባ ይቀበላሉ። ዘፈኑ አንድ ብቻ አይደለም። እያንዳንዱ ዛር የራሱ ስም፣ የራሱ አገር፣ የራሱ ሃይማኖትና ማዕረግ፣ የራሱም ዜማ አለው ይባላል። ሰይፉ ጨንገር፣ አዳል ሞቲ፣ ራሔሎ እየተባሉ ይጠራሉ። እንግዲህ በበሽተኛዋ ላይ የሰፈረው ዛር የትኛው እንደሆነ የሚታወቀው በዘፈን ነው። አንዱ ዜማ ተዘፍኖላት ዝም ካለች ሌላው ይዘፈናል፤ እሱም ካልሆነ ሦስተኛው ይከተላል። በአንደኛው ዜማ ሰውነቷ መንዘፍዘፍ፣ ራሷም መሽከርከር ሲጀምር «ተገኘ!» ይባላል። ይህ መንዘፍዘፍ ጉሪ ይባላል። ከዚያ በኋላ ዛሩ በአፏ እንዲናገር ይጠየቃል። «ማነህ? ከየት መጣህ? በምን አስቀየመችህ? ምንስ ትሻለህ?» ይባላል። እሱም ሴቲቱን «ፈረሴ» እያለ ይመልሳል፤ ቀለሙ የተመረጠ ዶሮ፣ ሽቶ፣ ቀለበት፣ አዲስ ቀሚስ ይጠይቃል።

ይህ የመጀመሪያው ሥራ ነው። ሁለተኛው ሥራ ባለዛሪቱ የራስዋ ዛር በወረደባት ጊዜ ለደጅ ጠኚው ሁሉ የምትናገረው ነው። የጠፋውን ገንዘብ ማን ወሰደው? መካኒቱ መቼ ትወልዳለች? ሹመቱ ለማን ይደርሳል? ክሱ እንዴት ያልቃል? ለዚህ ሁሉ መልስ ይሰጣል፤ ለመልሱም ይከፈላል። አንባቢዎች እነዚህን ሁለት ሥራዎች ለይተው እንዲይዙልኝ እፈልጋለሁ፤ ክርክሬ የቆመው በዚህ ልዩነት ላይ ነውና።

አስቀድሞ ስለ ዘፈኑ። ይህ ሥርዓት ትናንት የተጀመረ አይደለም። በአፈ ታሪክ እንደሚተረከው ሔዋን ሠላሳ ልጆች ነበሯት፤ አንድ ቀን ፈጣሪ ልጆቿን ሊያይ ሲመጣ ከሁሉም የሚያምሩትን ዐሥራ አምስቱን ደበቀቻቸው፤ እሱም «የተደበቁት እንደተደበቁ ይቅሩ» ስላለ፣ ዛሮች የእነዚያ የማይታዩት ልጆች ዘር ናቸው ይባላል። ጣልያናዊው ሊቅ ኤንሪኮ ቼሩሊ ደግሞ የዛር ስም ጥንት በአገዎችና በሌሎቹ የኩሽ ሕዝቦች ዘንድ ከሚመለከው የሰማይ አምላክ ስም የመጣ ነው ብሎ ጽፏል። ምንጩ እንዲህም ሆነ እንዲያ፣ ዛር በ19ኛው መቶ ዓመት የአበሻን ምድር ተሻግሮ በመካ፣ በካይሮና በሱዳን ከተሞች ይታይ ነበር። በባርነት ወደዚያ የተወሰዱት ሴቶቻችን ይዘውት ከሄዱት ጥቂት ሀብት አንዱ እንደነበረ ብዙ መርማሪዎች ይናገራሉ። ልብሷንና ስሟን፣ ልጇንም ጭምር የተነጠቀች ሴት ዜማዋን ግን አልተነጠቀችም ማለት ነው።

እ.ኤ.አ. በ1932 ፈረንሳዊው ደራሲ ሚሼል ሌሪስ ወደ ጎንደር መጥቶ መልካም አያሁ ከምትባል ባለዛር ቤት ብዙ ቀን ሰነበተ። የአገራችን ሰው አባ ጀሮም ገብረ ሙሴ አብረውት ሆነው የተዘፈነውንና የተነገረውን በማስታወሻ ይጽፉ ነበር። ሌሪስ በኋላ በ1958 እ.ኤ.አ. ባሳተመው መጽሐፍ ይህን ሥርዓት ሰዎች ራሳቸው ከሚኖሩበት ቴአትር ጋር አመሳሰለው። ባለዛሪቱ በዛሩ ስም ጠባይዋን፣ ድምፅዋን፣ አረማመድዋን ሁሉ ትለዋውጣለችና። በዚያው ዓመት አሜሪካዊው ሳይመን ሜሲንግ ስለ ጎንደር አካባቢ ባወጣው ጽሑፍ፣ የዛር ማኅበር ብቸኛዋን ሴት ወዳጅ የሚያገናኝ፣ በቤቷ የማትደመጠውን የሚያስደምጥ፣ ጭንቀትን በጋራ የሚያስተነፍስ ነው ሲል አስረዳ። እንግዲህ ዘፈኑ ግጥም፣ ዜማ፣ ቴአትርና የመጽናኛ ማኅበር ሆኖ ሳለ፣ «ከነከበሮው ይቃጠል» ማለት ምን ማለት እንደሆነ አንባቢ ይፍረድ።

«ታዲያ ሴቲቱ በአንዱ ዜማ ብቻ መንዘፍዘፏ የዛሩን እውነተኛነት አይመሰክርምን?» የሚል ጠያቂ ይኖራል። ጥያቄው ተገቢ ነው፤ መልሱ ግን ከሩቅ አገር ይመጣል። በደቡብ ጣልያን በፑልያ አውራጃ ለብዙ መቶ ዓመታት የኖረ አንድ ሥርዓት ነበረ። አንዲት ገበሬ ሴት በድንገት ስትዝል፣ ስታለቅስ፣ ስትወድቅ «ታራንቱላ የሚባለው ሸረሪት ነክሷት ነው» ይባል ነበር። ዘመዶቿም ሐኪም ሳይሆን ሙዚቀኞች ይጠራሉ። ሙዚቀኞቹም በቫዮሊንና በከበሮ አንዱን ዜማ ከሌላው እየለዋወጡ ይሞክሩላታል፤ በአንዱ ዜማ መንቀጥቀጥና መጨፈር ስትጀምር የሸረሪቱ ዓይነት ታወቀ ይባላል፤ ከዚያም እስክትደክም ድረስ ትጨፍራለች። ይህ ከእኛው ጉሪ በምን ይለያል? ከስሙ በቀር በምንም።

ኤርኔስቶ ዴ ማርቲኖ የተባለው ጣልያናዊ ሊቅ በ1959 እ.ኤ.አ. ሐኪምና የሙዚቃ ዐዋቂ አስከትሎ ወደዚያ ሄደ፤ ያገኘውንም በ1961 እ.ኤ.አ. በመጽሐፍ አወጣው። ተነከሱ የሚባሉት አብዛኞቹ ሴቶች ናቸው፤ ሕመሙም በየዓመቱ በጰጥሮስ ወጳውሎስ በዓል ሰሞን ይመለስባቸዋል። እንግዲህ ሸረሪት የበዓል ቀን የሚያውቀው እንዴት ነው? ወንዱን ትቶ ሴቷን የሚመርጠውስ ስለምን ነው? በእውነቱ እነዚያ ሴቶች የተሠቃዩት በመርዝ ሳይሆን በድካም፣ በሐዘን፣ በግድ ጋብቻና በድኅነት ነበረ። ጠቅላላውን ስንመዝነው፣ የሰውነት መንዘፍዘፍ ለዛር ምስክር የሚሆን ከሆነ በፑልያ ለሸረሪት ምስክር ይሆን ነበር። አንድ ምስክር ጎንደር ላይ አንድ ነገር፣ ፑልያ ላይ ሌላ ነገር ከመሰከረ ዳኛ ቃሉን አይቀበለውም። የመሰከረው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ ይኸውም የከበሮ ምት፣ የሌሊት ዕንቅልፍ ማጣት፣ የዕጣን ጢስ፣ የጓደኞች ጭብጨባና «አሁን ይመጣል» የሚለው ተስፋ አንድ ላይ ሲሆኑ በተጨነቀ ሰው አካል ላይ ምን ያህል ኃይል እንዳላቸው ነው። ይህ ኃይል እውነተኛ ነው። ሴቲቱም አታታልልም፤ በእርግጥ ትንዘፈዘፋለች። ነገር ግን ከዚህ ኃይል ተነሥቶ የጠፋውን ገንዘብ ማን እንደወሰደው ማወቅ አይቻልም።

አሁን ወደ ሁለተኛው ሥራ ወደ ጥንቆላው እንመለስ። ዛሩ የሚናገረው ሁሉ ከሦስት ምንጮች አያልፍም። አንደኛው ወሬ ነው። ደጅ ጠኚው ተራው እስኪደርስ በበረንዳው ላይ ሰዓታት ይቀመጣል፤ አጠገቡ የተቀመጠችው የቤቱ ሰው «ከየት መጡ? ምን ደረሰብዎ?» ትለዋለች፤ እሱም ልቡ ስለ ሞላ ይናገራል። ወደ ውስጥ ሲገባ የራሱን ነገር በዛሩ አፍ ይሰማና «ሳልነግራት ዐወቀችብኝ» ብሎ ይገረማል። ሁለተኛው ምንጭ በሁለት በኩል የሚተረጎም ቃል ነው። «ከቅርብ ሰው የመጣ ዓይን አለብህ»፤ «አንድ በር ይዘጋል፣ ሌላ በር ይከፈታል»። ቅርብ ሰው የሌለው ማነው? በር የማይዘጋበትና የማይከፈትለትስ ማነው? ሦስተኛው ምንጭ ጥፋቱን ወደ ጠያቂው መመለስ ነው። የተባለው ሳይሆን ሲቀር «የዶሮው ቀለም ተሳሳተ፤ ግብሩ ጎደለ፤ አንተ ተጠራጥረህ ነበር» ይባላል። ከመቶ ትንቢት አንዱ የያዘ እንደሆነ ሰፈሩ ሁሉ ያወራዋል፤ ያልያዘው ዘጠና ዘጠኝ ግን አይቈጠርም። ሕዝባችን ራሱ «ጠንቋይ ለራሱ አያውቅም» ሲል የደረሰበት ዕውቀት ነው፤ የቀረን ይህንኑ ዕውቀት ከምሳሌያዊ አነጋገር አውጥተን ሥራ ላይ ማዋል ብቻ ነው።

ጥንቆላው ገንዘብ ብቻ ቢወስድ ኖሮ ብዕሬን ባላነሣሁ ነበር፤ ሰው ለቀልድም ገንዘቡን ያወጣልና። ነገር ግን ጥንቆላ ጊዜ ይወስዳል፤ በሕመም ላይ ጊዜ ማለት ደግሞ ሕይወት ነው። በሰፈራችን የማውቃት አንዲት እናት ልጅዋ በድንገት እየወደቀ፣ አረፋ እየደፈቀ ይንፈራገጥባት ነበር። ከባለዛር ቤት «የቤተ ሰቡ ዛር ግብሩን ተነፍጎ ተቈጥቶ ነው» ተባለች። ሁለት ዓመት ሙሉ ዶሮና በግ ስታቀርብ ቆየች፤ አንድ ቀን ልጁ በምድጃው አጠገብ ወድቆ እጁ ተቃጠለ። የወሰደችው ያን ጊዜ ነው ወደ ጤና ጣቢያ። በሽታው የሚጥል በሽታ ነበረ። የሚጥል በሽታ የአንጎል ሥራ ለጥቂት ደቂቃ የሚታወክበት ሕመም እንጂ የማንም ቍጣ አይደለም። ፌኖባርቢታል የሚባለው ኪኒን ዋጋው አነስተኛ ሆኖ ብዙዎቹን በሽተኞች ከመውደቅ ያድናል፤ ሳይቋረጥ እንዲወሰድ ብቻ ያስፈልጋል። ልጁ ዛሬ ይማራል። የእጁ ጠባሳ ግን አብሮት ይኖራል። ለእነዚያ ሁለት ዓመታት ማን ይጠየቃል?

እዚህ ላይ «የታወቀ ነው፤ ያልተማረ ሕዝብ እንዲህ ነው» የሚል የተማረ ሰው ሊነሣ ይችላል። ክርክሬ ከማንም ይበልጥ ከዚህ ሰው ጋር ነው። ወንድሜ ሆይ፣ በባለዛሪቱ በር ላይ ማታ የሚቆመውን መኪና አይተሃልን? የሴቲቱን ዕንባ የሚያሾፍበት ሰው ስለ ሹመቱ ለመጠየቅ በጨለማ የሚመጣ እሱ ራሱ አይደለምን? ቀን በስብሰባ ላይ ስለ ሥልጣኔ ተናግሮ ማታ ገብስማ ዶሮ የሚያስፈልግ ሰው፣ በግልጽ ከምታምነው ባልቴት ይልቅ ለአገር ይጐዳል። ባልቴቲቱ ሌላውን አታስተምርም፤ እሱ ግን ዲፕሎማውን ለጥንቆላው ዋስ አድርጎ አቁሟል። የሰፈር ሰው «እነ እገሌም ይመጣሉ» ካለ በኋላ የመምህሩም የሐኪሙም ትምህርት በከንቱ ይቀራል።

ከዚህም የሚከፋ ነገር አለ። ወደ ጠንቋይ ቤት ደንበኛ የሚልከው አለማወቅ ብቻ አይደለም። እኔ የሁለተኛ ደረጃ ትምህርቴን ጨርሼ በመንግሥት ሥራ የምኖር ሰው ነኝ፤ ሐኪምም ሊቅም አይደለሁም። ነገር ግን ከጠረጴዛ ወዲያና ወዲህ ያለውን ነገር ዐውቀዋለሁ። አንድ ባለጉዳይ ማመልከቻ ያስገባል። «ነገ ና» ይባላል። ነገ ሲመጣ «ኀላፊው ስብሰባ ላይ ናቸው» ይባላል። በሳምንቱ ሲመለስ «ፋይልህ አልተገኘም» ይባላል። ጉዳዩ የት እንደደረሰ፣ ስለምን እንደዘገየ፣ መቼ እንደሚያልቅ የሚነግረው የለም። ይህ ሰው ማታ ወደ ባለዛሪቱ ሄዶ «ጉዳዬ መቼ ያልቃል?» ብሎ ቢጠይቅ ሞኝ ነው ልንለው እንችላለንን? ጥያቄው እኮ የዛር ጥያቄ አይደለም፤ የመዝገብ ቤት ጥያቄ ነው! መልሱ ያለው በሰማይ ሳይሆን በሣጥን ውስጥ ነው። ሣጥኑን የያዘው ሰው ዝም ስላለ መንፈሱ ተናገረ። ውሻ በቀደደው ጅብ ይገባል እንደሚባለው፣ እኛ በቀደድነው ጠንቋዩ ገባ።

ስለዚህ ያለምክንያት የሚጓተት ውሳኔ ሁሉ ለጠንቋይ የሚከፈል ግብር ነው ብል አላጋነንሁም። የክፍት ቦታ ውድድር ውጤት በምን እንደተሰጠ የማይገለጽበት መሥሪያ ቤት፣ ቀጠሮው ስለምን እንደተላለፈ ለእስረኛው እናት የማይነገርበት ሸንጎ፣ የበሽታዋ ስም ምን እንደሆነ ሳይነገራት ወረቀት ብቻ ተሰጥቷት የምትሸኝበት የሕክምና ክፍል፣ እነዚህ ሁሉ ሳያውቁት የባለዛሪቱ አጋፋሪዎች ሆነዋል። ባለዛሪቱ ቢያንስ በሽተኛዋን ሌሊቱን ሙሉ ታዳምጣታለች፤ ስሟን ትጠራታለች፤ «ምን ሆንሽ?» ትላታለች። እኛ ስንት ደቂቃ አዳመጥናት?

አሁን ደግሞ «ይቃጠል» ለሚለው ወገን መልስ ልስጥ። ይህ ሐሳብ አዲስ አይደለም፤ በታሪካችን ተሞክሯል። እ.ኤ.አ. ከ1434 እስከ 1468 የነገሡት ዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ ጥንቆላንና ደስክና ዲኖ የሚባሉትን መናፍስት ማምለክን ለማጥፋት የነበራቸው ብርታት ከማንም የሚበልጥ ነበር። ሕዝቡ በግንባሩና በእጁ ላይ ሰይጣንን መካዱን የሚገልጽ ጽሑፍ እንዲጽፍ አዘዙ፤ ያመለከ የተባለም በሞት ይቀጣ ነበር። ፍጻሜው ምን ሆነ? ዜና መዋዕላቸው ራሱ እንደሚተርከው ሰው ጠላቱን «አምላኪ ነው» እያለ በሐሰት ይከስ ጀመር፤ ከገዛ ልጆቻቸው እንኳ በዚሁ ክስ የሞቱ አሉ። ጥንቆላው ግን አልጠፋም፤ እነሆ ከአምስት መቶ ዓመት በላይ ቆይቶ ስለ እሱ እንከራከራለን። በደርግም ዘመን ይህ ሁሉ የኋላ ቀርነት ልማድ ተብሎ ሲወገዝ ከበሮው ወደ ጓዳ ገባ እንጂ አልተቀደደም፤ ዘመኑ ሲያልፍ ወደ በረንዳው ተመለሰ። በጅራፍ የሚወጣ ዛር በጓሮ በር ይመለሳል።

ማስረዳት ግን ሥራ ይሠራል። ለዚህ ቅርብ ምሳሌ አለን። በኤች አይ ቪ የታመሙ ብዙ ሰዎች ጸበል እንጠመቃለን ብለው መድኃኒታቸውን ባቋረጡበት ጊዜ፣ በ1999 ዓ.ም. ብፁዕ ወቅዱስ አቡነ ጳውሎስ መድኃኒቱም ጸበሉም የእግዚአብሔር ስጦታዎች ናቸውና አይቃረኑም ሲሉ በግልጽ ተናገሩ። ማንም ጸበሉን አልዘጋም፤ ማንም ምእመን አልተሰደበም። ሕዝቡ የሚያከብረው አባት የተናገረው አንድ ቃል ከብዙ ማስፈራሪያ ይልቅ መንገድ ጠረገ። ስለ ዛርም የሚያስፈልገን እንዲህ ያለ ቃል ነው።

«ባህል ነውና አትንኩት» ለሚለው ወገንም መልስ አለኝ። የቆየ ነገር ሁሉ ለመቆየት መብት የለውም። ደግሞም ባህልን የሚወድ ሰው አስቀድሞ ባህሉን ይመዝግበው። ከእነዚህ ወዳጆቼ መካከል የአንዲት አሮጊት ባለዛር ዜማ በቴፕ የቀዳ፣ ግጥሙን የጻፈ፣ የዛሮቹን ስምና ወግ ያጠና ስንት ነው? ባለዛሪቱ በሞተች ቀን ስንት ዜማ አብሯት እንደሚቀበር አስበዋልን? ስለ መልካም አያሁ ቤት የምናውቀውን ያህል ያወቅነው አንድ እንግዳ ሰውና አንድ ትጉህ ኢትዮጵያዊ ብዕር ይዘው ስለተቀመጡ ነው። በአንጻሩ በሌላው አገር የሆነውን እንመልከት። በፑልያ ሸረሪቱን የሚያምን ሰው ዛሬ አይገኝም ቢባል ይቀላል፤ ዜማው ግን አለ። ከ1998 እ.ኤ.አ. ጀምሮ በየዓመቱ በሚደረገው የታራንታ ሌሊት በሚባለው በዓል ብዙ ሕዝብ ተሰብስቦ ያንኑ ዜማ ይዘፍናል፣ ይጨፍራል። በሰሜን ማላዊ ቪምቡዛ የሚባለው የመንፈስ ጭፈራ፣ በሞሮኮም የግናዋ ዜማ በዩኔስኮ የዓለም ሕዝቦች ቅርስ መዝገብ ገብተዋል። በካይሮ ደግሞ ከእኛው ዘንድ እንደሄደ የሚነገርለትን የዛር ዘፈን መዛህር የሚባሉ ዘፋኞች ማንንም ሳይጠነቍሉ በአዳራሽ ያቀርቡታል። የእኛ ዜማ በሰው አገር መድረክ ሲያገኝ በገዛ አገሩ ከጓዳ አለመውጣቱ የሚያስቈጭ አይደለምን?

እንግዲህ ነቅፎ ብቻ መሄድ የጸሓፊ ወግ አይደለምና ይበጃል የምለውን ላቅርብ።

አንደኛ፣ ዜማው ይሰብሰብ። በ1955 ዓ.ም. የተቋቋመው የኢትዮጵያ ጥናትና ምርምር ተቋምና የያሬድ የሙዚቃ ትምህርት ቤት ለዚህ ሥራ የተገቡ ናቸው። የየሰፈሩ መምህራንና ተማሪዎችም በእረፍት ጊዜያቸው አያቶቻቸውን ጠይቀው ቢጽፉ ትልቅ ሥራ ነው። ዜማውን የሚያውቁት ሴቶች እንደ ወንጀለኛ ሳይሆን እንደ ዐዋቂ ይጠየቁ፤ ለድካማቸውም ይከፈላቸው። ባለዛሪቱ በዘፈኗ የምትኖርበት እንጀራ ካገኘች በትንቢት መነገድ አያስፈልጋትም።

ሁለተኛ፣ ሕክምናው ወደ ሕዝቡ ይቅረብ። ለብዙ ዘመን የአእምሮ በሽተኛ ሁሉ ወደ አማኑኤል ሆስፒታል ብቻ ይጠቈም ነበር። የሚጥል በሽታንና ከባድ የመንፈስ ጭንቀትን ለይቶ የሚያውቅ ነርስ በየጤና ጣቢያው ሳይጠፋ ከተገኘ፣ መድኃኒቱም ካልተቋረጠ፣ የአንድ ዓመት ሥራው ከመቶ ስብከት ይበልጣል። ከባለዛሮቹም ጋር መነጋገር ይቻላል፤ «ልጁ የሚወድቅ ከሆነ አስቀድማችሁ ወደ እኛ ላኩት፤ ከበሮውን በኋላ ትመቱለታላችሁ» ብንላቸው ከመካከላቸው የሚሰሙን ይኖራሉ። እነሱም እናቶች ናቸው።

ሦስተኛ፣ ሕጉ በተገቢው ሰው ላይ ይዋል። በ1996 ዓ.ም. የወጣው የወንጀል ሕጋችን መንፈስ እጠራለሁ፣ መጪውን እናገራለሁ እያለ የሰውን የዋህነት ለጥቅሙ የሚያውለውን ሰው ይቀጣል። ይህ ድንጋጌ ለጎረቤቶቿ ቡና አፍልታ በምትዘፍን ባልቴት ላይ ሳይሆን፣ ከበሽተኛ ቤት ከብትና ወርቅ በሚያስነዳ፣ መድኃኒት አቋርጡ በሚል፣ ንጹሑን ሰው ሌባ ብሎ ጠቍሞ ጎረቤትን ከጎረቤት በሚያፋጅ ነጋዴ ላይ ሊውል ይገባዋል።

አራተኛ፣ ሴቶቻችን ይደመጡ። አንዲት ሚስት ቀሚስ ለማግኘት፣ ከድካም ለማረፍ፣ ባሏ አንድ ቀን ቃሏን እንዲሰማላት የግድ ዛር ካስፈለጋት፣ የታመመው ሰውነቷ ሳይሆን ቤቱ ነው። ባል ለዛሩ «እሺ ጌታዬ» ብሎ ያቀረበውን ያንኑ ነገር ለሚስቱ በስሟ ጠርቶ ቢያቀርብላት ስንት ከበሮ በዝምታ ባደረ ነበር።

አምስተኛና የመጨረሻው ለእኛ ለመንግሥት ሠራተኞች ነው። ለባለጉዳይ መልስ እንስጥ። ጉዳዩ የሚሆን ከሆነ መቼ እንደሚሆን፣ የማይሆን ከሆነ ስለምን እንደማይሆን በግልጽ ቃል እንንገረው። «ነገ ና» ማለት እኮ ትንቢት ነው፤ ያውም ያልተፈጸመ ትንቢት። ይህን ቃል በየቀኑ እየተናገርን ጠንቋይ መንቀፍ አይቻለንም። መምህራንም ለተማሪዎቻቸው ዛር የለም ብለው ከማስጠናት ይልቅ «ይህ የታወቀው በምንድነው? ሳይሆን የቀረውስ ስንት ጊዜ ነው?» ብለው መጠየቅን ያስተምሯቸው። መጠየቅ የለመደ ልጅ ለጠንቋይ ብቻ ሳይሆን ለማንኛውም አታላይ ይከብዳል።

ከበሮ በራሱ ኀጢአት የለበትም። በደስታም በሐዘንም፣ በቤተ እምነትም በሠርግም አብሮን የኖረ ነው። የሚነቀፈው በከበሮው ላይ የተጫነው ሐሰት ነው። ሐሰቱን እናውርድለት፤ ዜማው ቀሎት ይዘፈን። ነገን ማወቅ ለሰው አልተሰጠም፤ ዛሬ በእጁ ያለውን መልስ ለጠየቀው ወንድሙ መስጠት ግን ለእያንዳንዳችን ተሰጥቷል። ይህን ብናደርግ የቃሊቲ ሌሊት ከበሮ አይጐድልበትም፤ በበሩ ላይ ቆሞ የሚያለቅሰው ባለጉዳይ ግን ይቀንሳል።